አፈሳ ይደረግልን ለሚሉ ጓደኞቻችን

ስልኩን የተነጠቀ ተማሪ ባለበት መኝታ ቤት ሁሉ አንድ ዓይነት ንግግር ይሰማል። «ፖሊስ ምን ይሠራል? እነዚህን ዱርዬዎች በአንድ ሌሊት አፍሶ ቢወስድልን ምን ነበረበት?» ይባላል። ተናጋሪው ክፉ ሰው አይደለም፤ ተቆጥቶ ነው። ከቤት የሚላክለት ገንዘብ የሚመጣው በዚያ ስልክ ነው፤ የትምህርቱም ጽሑፍ ያለው በዚያው ውስጥ ነው፤ አባቱ ወይም ታላቅ እኅቱ በስንት ድካም እንደ ገዙለትም እርሱ ያውቀዋል። በዚህ ሰው ፊት ቆሞ ስለ መብት መስበክ ቀላል አይደለም። ሆኖም «አፈሳ ይደረግልን» የሚለው ቃል ከመኝታ ቤት ወጥቶ ወደ ማኅበራችን ስብሰባ ለመግባት ሩቅ አይደለምና፣ ከመግባቱ በፊት ጥቂት ልንነጋገርበት ፈለግን።

አስቀድመን አንድ ነገር እንመን። ስለ መብት የሚናገሩ ሰዎች ወንጀልን አቃልለው ያዩታል የሚል ወቀሳ አለ፤ ወቀሳውም አንዳንድ ጊዜ እውነት አለው። ባለጠጋው አጥር አለው፤ ዘበኛ አለው፤ መኪና አለው። ሌሊት በመንገድ ላይ የሚዘረፈው የባጃጅ ነጂው ነው፤ ጀበናዋን አጥባ ወደ ቤቷ የምትመለሰው ቡና አፍይዋ ናት፤ የቀን ደመወዙን በኪሱ የያዘው ሠራተኛ ነው፤ ከቤተ መጻሕፍት አምሽታ የምትመለሰው እኅታችን ናት። የ1987 ዓ.ም. ሕገ መንግሥት በ16ኛው አንቀጽ ማንኛውም ሰው በአካሉ ላይ ጉዳት እንዳይደርስበት የመጠበቅ መብት እንዳለው ይናገራል። ስለዚህ በሰላም ወደ ቤት መግባትም ራሱ መብት ነው እንጂ የመብት ተቃራኒ አይደለም። የመንገድ ሌባ የድኻ ጠላት መሆኑን የማይቀበል ሰው ከእኛ ጋር እንዲስማማ አንጠይቅም።

ጥያቄያችን ይህ ነው፤ አፈሳ ሌባውን ይይዛልን?

አፈሳ ማለት ምን እንደ ሆነ ቃሉ ራሱ ይነግረናል። የሚታፈስ ነገር እህል ነው፣ አሸዋ ነው፤ ሰው ግን አንድ በአንድ ይያዛል እንጂ አይታፈስም። አንድን ሰው ለመያዝ «ይህን ሠርቷል» ብሎ የሚጠረጥር ምክንያት ያስፈልጋል። ለአፈሳ የሚያስፈልገው ግን መኪናና ሰዓት ብቻ ነው፤ በዚያ ሰዓት በዚያ ስፍራ የተገኘ ሁሉ ይጫናል፤ ምክንያቱም ኋላ ይፈለግለታል።

ነገሩ ለአገራችን አዲስ አይደለም። አባቶቻችን አውጫጭኝ ወይም አፈርሳታ የሚሉት ሥርዓት ነበራቸው። ከብት ቢሰረቅ ወይም ቤት ቢቃጠል የአካባቢው ሰው በሙሉ በአንድ ስፍራ ይሰበሰባል፤ የቀረ ይቀጣል፤ ወንጀለኛው እስኪወጣ ድረስ ማንም ወደ እርሻው አይመለስም፤ ካልተገኘም አገሩ በጠቅላላ ይከፍላል። ከዚህ የባሰውም ሌባ ሻይ ነበር። አንድ ልጅ መድኃኒት እንዲጠጣ ይደረግና በወገቡ ታስሮ በመንደሩ ውስጥ ይለቀቃል፤ እየተንገዳገደ ሄዶ ከወደቀበት ቤት ያለው ሰው ሌባ ይባላል፤ ዕዳም ይከፍላል። ዛሬ ይህን ስንሰማ እንስቃለን። ነገር ግን አውጫጭኝ ቢያንስ ጎረቤት ጎረቤቱን በሚያውቅበት ቀዬ የሚደረግ ነበር፤ ተሰብሳቢውም በአገር ሽማግሌ ፊት ቃሉን ይሰጥ ነበር። በጭነት መኪና ላይ የተጫነው የከተማ ልጅ ግን ቃሉን የሚቀበለው ሰው የለም። ከሁለቱ የትኛው ኋላ ቀር እንደ ሆነ አንባቢ ይፍረድ።

የዘመኑ ሕግም ይህን ልማድ በጽሑፍ አጽንቶት እናገኘዋለን። አደገኛ ቦዘኔነት የሚባለው ነገር ከ1949 ዓ.ም. የወንጀለኛ መቅጫ ሕግ ጀምሮ በሕጋችን ውስጥ ነበረ። በ1996 ዓ.ም. ደግሞ ራሱን የቻለ አዋጅ ወጣለት፤ ቁጥሩ 384/1996 ነው። የአዋጁ አሳብ በአጭሩ እንዲህ ነው፤ ጤነኛና መሥራት የሚችል ሆኖ ሳለ የሚታወቅ መተዳደሪያ የሌለው፣ በቁማር፣ በስካር፣ በአደንዛዥ ነገር፣ በጠብና በመሳሰለው ስፍራ ሲዞር የተገኘ ሰው እንደ ወንጀለኛ ይያዛል። ፖሊስ ያለ ፍርድ ቤት ማዘዣ ሊይዘው ይችላል፤ ዋስትናም ተነፍጎታል። ልብ እንበል፤ ሰው ገድሏል ተብሎ የተከሰሰ ሳይቀር የዋስ ጉዳዩን የሚመረምርለት ዳኛ አለ፤ «ቦዘኔ ነው» የተባለው ልጅ ግን ዋስ መጥራት እንኳ አይችልም።

ከዚያ በኋላ የሆነውን ታላላቆቻችን ያስታውሱታል። አዋጁ የወጣው ኅብረተሰቡን ከሌባና ከማጅራት መቺ ለመጠበቅ ነው ተብሎ ነበር። ሁለት ዓመት ሳይሞላው የ1997ቱ ምርጫ መጣ፤ በምርጫው ማግስት ሁከት ተነሣ፤ በጥቅምትና በኅዳር 1998 ዓ.ም. ብዙ ሺህ ወጣቶች ከአዲስ አበባ ሰፈሮች እየተያዙ እስከ ደዴሳ ድረስ ተወስደው ታጎሩ። ቦዘኔ የሚለው ስም ለኪስ አውላቂው የተሰፋ ልብስ መስሎን ነበር፤ ለካስ ልኩ ለሁሉም ነበር።

ሁለተኛው ምሳሌ የእኛው ዘመን ነው። በመስከረም 2011 ዓ.ም. በቡራዩ የደረሰው እልቂት መላውን አገር አሳዘነ፤ በአዲስ አበባም ሰልፍና ሁከት ሆነ። ወዲያው ፖሊስ ወደ ሦስት ሺህ የሚጠጋ ሰው፣ አብዛኛውን ወጣት፣ ከመንገድም፣ ከጫት ቤትም፣ ከሺሻና ከቁማር ቤትም ያዘ። ፖሊስ ራሱ በሰጠው መግለጫ ከእነዚህ ውስጥ 174 ሰዎች ክስ እንደሚቀርብባቸው፣ 1,204 ሰዎች ደግሞ ለተሃድሶ ትምህርት ወደ ጦላይ ወታደራዊ ማሠልጠኛ እንደ ተላኩ ተናገረ። እነዚህ 1,204 ሰዎች ዳኛ ፊት አልቀረቡም፤ ክስም አልተጻፈባቸውም፤ አንድ ወር ያህል ከተቀመጡ በኋላ በጥቅምት ወር ወደ የቤታቸው ተመለሱ። እንግዲህ ሒሳብ የሚያውቅ ሰው ያስላው። ከሦስት ሺህ ሰው 174 ማለት ከመቶ ስድስት እንኳ አይሞላም። የቀሩት ለምን ተያዙ? «በደረቁ ዳፋ እርጥቡ ነደደ» እንደሚባለው ነው።

በ2015 ዓ.ም. ደግሞ የኢትዮጵያ ሰብአዊ መብቶች ኮሚሽን በሸገር ከተማ ሲዳሞ አዋሽ በተባለ ስፍራ ከአዲስ አበባ ጎዳናዎች እየተነሡ የተያዙ ሰዎች መኖራቸውን ገልጿል፤ ከእነዚህም ውስጥ የጎዳና ነዋሪ ያልሆኑ፣ በመንገዳቸው ሲያልፉ የተያዙ ይገኙባቸው ነበር። መንገደኛን ከቦዘኔ የሚለይ ዓይን ለመኪናው አልተገጠመለትም።

«ይህ ሁሉ ይሁን፤ ግን ሌብነቱ ከቀነሰ ምን ይደረጋል?» የሚል ጓደኛ አለን። ጥያቄው ቀጥተኛ ስለ ሆነ በቀጥታ ልንመልስለት ይገባናል። አፈሳ በተደረገ ሳምንት መንገዱ ጸጥ ማለቱ አይካድም። የሚያስፈራው ሁሉ ይሸሻልና። ነገር ግን ሙያው ሌብነት የሆነ ሰው አፈሳ እንደሚመጣ ከእኛ አስቀድሞ ይሰማል፤ በዚያች ሌሊትም ቤቱ ይተኛል። የሚታፈሰው የሚተኛበት ቤት የሌለው ነው። ፖሊሱም ሦስት መቶ ሰው ሲመዘግብ፣ ሲያበላ፣ ሲጠብቅ፣ ሲያመላልስ ሁለት ሳምንት ይፈጅበታል፤ በእነዚያ ሁለት ሳምንታት ውስጥ እውነተኛውን የወንጀል ምርመራ ማን ይሠራዋል?

የሌላውን አገር ልምድም እንይ፤ በሌላው ገንዘብ መማር ርካሽ ነውና። በለንደን ከተማ ብሪክስተን በሚባለው ሰፈር እ.ኤ.አ. በሚያዝያ 1981 ፖሊስ ሲቪል ለብሶ በጥቂት ቀናት ውስጥ 943 ሰዎችን በመንገድ ላይ እያስቆመ ፈተሸ፤ የተያዙት 118 ብቻ ነበሩ፤ አብዛኞቹም የተፈተሹት ጥቁር ወጣቶች ናቸው። ዘመቻው ገና ሳያልቅ ሰፈሩ በእሳት ተያያዘ። ፖሊሶቹ ሰውን «ያጠራጥራል» ብለው ለመያዝ የሚጠቅሱት ሕግ ከ1824 የቆየ የቦዘኔ ሕግ ነበር፤ ያ አንቀጽ በዚያው ዓመት ተሻረ። በኒውዮርክ ደግሞ እ.ኤ.አ. በ2011 ብቻ ፖሊስ በመንገድ ላይ እያስቆመ የጠየቀውና የፈተሸው 685,724 ጊዜ ነው። ከመቶ 88ቱ ሳይከሰሱ፣ ሳይቀጡ የተለቀቁ ናቸው። በ2013 የፌዴራሉ ፍርድ ቤት አሠራሩ ሕገ መንግሥቱን የጣሰ ነው ብሎ ፈረደ። በዚያን ጊዜ «ከተማዪቱ በደም ትጥለቀለቃለች» ያሉ ሹማምንት ነበሩ። በ2017 የማስቆሙ ቁጥር ከ12 ሺህ በታች ወረደ፤ በ2011 የነበረው 515 የነፍስ ግድያም በ2017 ወደ 292 ወረደ። ግድያው የቀነሰው ፍተሻው ስለ ቀረ ነው አንልም፤ ለዚህ ብዙ ምክንያት ይኖረዋል። ፍተሻው ሲቀር ግን ከተማዪቱ አልጠፋችም።

አሁን ወደ ጂንካችን እንመለስ፤ ምክንያቱም በአዲስ አበባ ክፉ የሆነ ነገር በጂንካ የባሰ የሚሆንበት ምክንያት አለ።

ጂንካ ከመንደርነት ወደ ከተማነት በማለፍ ላይ ያለች ከተማ ናት። በመካከሏ የተዘረጋው የአሮጌው አውሮፕላን ማረፊያ ሜዳ ታሪኳን ይነግራል፤ በዳርዳሩ ደግሞ ሆቴሉ፣ ባንኩ፣ መሥሪያ ቤቱ ተኮልኩሏል። እኛ ተማሪዎች ከአራቱም ማዕዘን መጥተናል። የስኳሩ ልማት በታችኛው ኦሞ ከተጀመረ ወዲህም ሥራ ፈላጊው ከወላይታውም፣ ከጋሞውም፣ ከኮንሶውም ወደዚህ ይመጣል፤ ሥራው ሲገኝ ይሄዳል፤ ሳይገኝ ሲቀር በከተማው ይሰነብታል። ሊስትሮው ልጅ፣ ማስቲካና ሶፍት የሚያዞረው ልጅ፣ በመናኸሪያ ዕቃ የሚሸከመው ልጅ ከአሪ ገጠር ቀበሌዎች የመጣ ነው። ቅዳሜ ሲሆን ደግሞ ለገበያው ባናውም፣ ማሌውም፣ ሙርሲውም፣ ቦዲውም ይወጣል። በደቡብ ኦሞ 16 ብሔረሰቦች እንዳሉ ትምህርት ቤት ተምረናል፤ በቅዳሜ ገበያ ግን በዓይናችን እናያቸዋለን።

እንግዲህ «የሚታወቅ መተዳደሪያ የሌለው» የሚለውን መለኪያ ይዘን ወደዚህ ገበያ እንግባ። ከብቶቹን በማጎ ወዲያ ማዶ ትቶ፣ ማር ይዞ የመጣው ሙርሲ መተዳደሪያውን በምን ያሳይ? ደረሰኝ የለው፣ የመሥሪያ ቤት ወረቀት የለው፤ የቀበሌ መታወቂያም ሳይይዝ ሊመጣ ይችላል፤ አማርኛም ላይችል ይችላል። ፖሊሱ ደግሞ የእርሱን ቋንቋ አያውቅም። «የት ነው የምትኖር? ምን ትሠራለህ?» ብሎ ሲጠይቀው ዝም ይላል። ዝምታው ጥፋት ሆኖ ይቆጠርበታልን? እኛ ራሳችንስ? ተማሪ ገቢ የለውም፤ ሲመሽ ይዞራል፤ ከጓደኞቹ ጋር በየማዕዘኑ ይቆማል። የተማሪነት መታወቂያውን በትራሱ ሥር ረስቶት የወጣ ዕለት በአዋጁ ሚዛን ከሊስትሮው ልጅ በምን ይለያል? በጫማው ካልሆነ በቀር አይለይም። «ዱርዬዎቹን ይፈሱልን» ብሎ የሚጮኸው ጓደኛችን መኪናው ሲመጣ ለራሱ የተለየ ወንበር እንደ ተያዘለት አድርጎ ማሰቡ ያስገርመናል።

ሌላም ነገር አለ፤ ይህንንም በጥንቃቄ ነው የምንናገረው። በሚያዝያ 2014 ዓ.ም. በጂንካና በአካባቢዋ ከዞንነት ጥያቄ ጋር ተያይዞ በተነሣው ሁከት ቤትና ሱቅ ተቃጥሏል፤ ሰው ከኑሮው ተፈናቅሏል። የዚያን ጊዜ የጠፋው ሀብት ብቻ አልነበረም። አንድ ሰው የሠራው ነገር የወገኑ ሁሉ ሥራ ተደርጎ መቆጠሩ፣ ጎረቤት ጎረቤቱን በስሙ ሳይሆን በብሔሩ መጥራቱ ነበር ትልቁ ጉዳት። ከዚያ ወዲህ አሪ በ2015 ዓ.ም. የራሱን ዞን አግኝቷል፤ ጊዜውም አልፏል፤ ጠባሳው ግን ገና እርጥብ ነው። እንዲህ ባለ ከተማ ውስጥ ሰውን በሠራው ሥራ ሳይሆን በመልኩ፣ በአለባበሱ፣ በመጣበት ስፍራ የሚይዝ ፖሊስ ምን ሊያስነሣ እንደሚችል ለጂንካ ልጅ ማስረዳት አያሻም። አንድ ሌሊት የተደረገ አፈሳ በማግስቱ «የእኛን ልጆች ብቻ መርጠው ያዙ» የሚል ወሬ ይወልዳል፤ ወሬውም እውነት ሆነ አልሆነ እሳቱ ያው ነው።

በዚህ ሁሉ ላይ ፖሊሱን ባለጋራ አድርገን ማቅረብ አንፈልግም። ሌሊቱን ሙሉ በዝናብ የሚቆመው ፖሊስ የእኛው ወንድም ነው፤ ደመወዙም የሚያስቀና አይደለም። ብዙ ጊዜ የሚማረርበትን ነገር ብንሰማው ከእኛ ቅሬታ ጋር ይገጥማል። «ሌባውን እንይዛለን፤ ተበዳዩ ግን ቃሉን አይሰጥም፤ ስልኩን ካገኘ ወደ ትምህርቱ ይሄዳል፤ ምስክር ሲጠራ አይመጣም፤ ዳኛው ምን ያድርግ? ይፈታዋል» ይላል። እኛ ደግሞ በማግስቱ ያንኑ ሌባ በመንገድ ስናየው «ጉቦ በልተው ፈቱት» እንላለን። ጉቦ የለም አንልም። ግን ስንቶቻችን ነን ስንነጠቅ ጣቢያ ሄደን ቃላችንን በጽሑፍ የሰጠን? ስንቶቻችንስ ነን በቀጠሮው ቀን ፈተና አለብኝ ሳንል ችሎት የቀረብን? ማስረጃ ሳንሰጥ ቅጣት ስንጠይቅ፣ ፖሊሱ ያለ ማስረጃ እንዲቀጣልን እየጠየቅን መሆኑን ማወቅ አለብን።

ከዚህም የበለጠ የሚያሳፍር ነገር አለ። የተሰረቀው ስልክ ወዴት ይሄዳል? ሌባው አሥር ስልክ በኪሱ ይዞ አይኖርም፤ በግማሽ ዋጋ የሚገዛው ሰው አለ። ያ ገዢ ብዙ ጊዜ ተማሪ ነው። «ያለ ካርቶን፣ ያለ ደረሰኝ፣ በርካሽ» ተብሎ በመኝታ ቤት የሚዞረውን ስልክ ከየት መጣ ብሎ የሚጠይቅ ስንት ነው? የተሰረቀ መሆኑን እያወቀ ዕቃ የሚገዛ ሰው በወንጀል ሕጋችን ያስቀጣል። ሌባውን የሚያኖረው ገዢው ነውና፣ አፈሳ ካስፈለገ ከመኝታ ቤታችን ቢጀመር ለመሆኑ ምን እንላለን?

እንግዲህ ምን ይደረግ? ሕጉ ለፖሊስ እጅ አላሳጠረውም። የ1954 ዓ.ም. የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕግ በ51ኛው አንቀጽ አንድ ዓመትና ከዚያ በላይ በሚያስቀጣ ወንጀል በበቂ ምክንያት የሚጠረጠርን ሰው ፖሊስ ያለ ማዘዣ እንዲይዝ ይፈቅድለታል። ነጣቂውም፣ ቀማኛውም፣ ማጅራት መቺውም ከዚህ በር አያልፉም። የተያዘው ሰው ግን በ48 ሰዓት ውስጥ ፍርድ ቤት ይቀርባል፤ ምርመራው ካላለቀ ዳኛው አንድ ጊዜ ከ14 ቀን የማይበልጥ ጊዜ ቀጠሮ ይሰጣል፤ ዳኛ ፊት ሳያቀርቡት ቢያስቀሩት ቤተ ዘመዱ አካሉን ነፃ ለማውጣት አቤት ማለት ይችላል። ይህ ሥርዓት ሌባን ለማሽሞንሞን የተሠራ አይደለም፤ የተያዘው ሰው ሌባው ራሱ መሆኑን ለማረጋገጥ የተሠራ ነው። የአፍሪካ የሰብአዊና የሕዝቦች መብቶች ፍርድ ቤትም እ.ኤ.አ. በታኅሣሥ 2020 በሰጠው የምክር አስተያየት የቦዘኔነት ሕጎች ከአፍሪካው ቻርተር ጋር አይጣጣሙም ብሏል፤ አገራችን ደግሞ ቻርተሩን የተቀበለች ናት። ሰውን በድህነቱ የሚቀጣ ሕግ ፖሊስ ሌባ እንዲይዝ አያግዘውም ማለቱ ነው ብለን እኛ እንረዳዋለን።

ስለዚህ ማኅበራችን ለከተማው አስተዳደርና ለፖሊስ የሚያቀርበው ጥያቄ ካለ አፈሳውን ትቶ ይህን ይጠይቅ። ከከተማ ወደ ግቢ በሚወስደው መንገድ ላይ የመንገድ መብራት ይተከል፤ የተተከለውም ይጠገን፤ ሌባ ከፖሊስ ቀጥሎ የሚፈራው ብርሃንን ነው። በዚያ መንገድ ላይ ማታ ማታ ሁለት ፖሊሶች በእግር ይመላለሱ፤ እነዚያው ሰዎች ለወራት ይቆዩ እንጂ በየሳምንቱ አይለዋወጡ። ሰፈሩን የሚያውቅ ፖሊስ ሊስትሮውን ከሌባው ለመለየት አፈሳ አያስፈልገውም፤ በስማቸው ያውቃቸዋልና። እንዲያውም ሊስትሮዎቹ ከማንም በላይ ሊረዱት የሚችሉ ናቸው፤ ቀኑን ሙሉ በመንገድ ላይ ተቀምጠው የሚያዩት እነርሱ ናቸው። ግን ትናንት በጥፊ የመታው ፖሊስ ዛሬ ቢጠይቀው ልጁ አላየሁም ይላል፤ እኛም ብንሆን እንደዚያ እንላለን።

በእኛ በኩል ደግሞ የተነጠቀ ተማሪ ሁሉ ጣቢያ ሄዶ ቃሉን እንዲሰጥ፣ በችሎቱ ቀንም እንዲመሰክር፣ ማኅበሩ አብሮት የሚሄድ ሰው ይመድብ። የስልኩን መለያ ቁጥር አስቀድሞ በማኅበሩ መዝገብ የሚያስመዘግብ ተማሪ ስልኩ ቢጠፋ ቁጥሩ በመኝታ ቤቶች ማስታወቂያ ላይ ይለጠፍ፤ ያን ጊዜ ገዢው «አላወቅሁም» ማለት አይችልም። ሌባ ሲያዝ በድንጋይና በዱላ የሚረባረቡትንም ጓደኞቻችንን ማኅበሩ ይገሥጻቸው፤ ሰው ደብድቦ መግደል በየትኛውም ሕግ የነፍስ ግድያ ነውና፣ ስልክ ለማስመለስ ሕይወት የሚያጠፋ ተማሪ የሚመረቀው ከማረሚያ ቤት ነው።

አንድ የመጨረሻ ነገር ግን ከሁሉ ይልቅ የእኛ ሥራ ሊሆን ይገባል። ሕገ መንግሥቱ በ19ኛው አንቀጽ የተያዘ ሰው ለምን እንደ ተያዘ በሚገባው ቋንቋ ወዲያውኑ ሊነገረው ይገባል ይላል፤ በ20ኛውም የክሱን ቋንቋ ለማያውቅ ሰው መንግሥት በራሱ ወጪ አስተርጓሚ ያቆምለታል። በደቡብ ኦሞ ይህ አንቀጽ ከሁሉ የከበደ ነው። በቅዳሜ ገበያ ከሰዓት በኋላ በአሥር ሰዓት የተያዘ ሰው 48 ሰዓቱ የሚሞላው ሰኞ በአሥር ሰዓት ነው፤ መካከሉ እሑድ ነው። ከዲመካ ወይም ከኦሞራቴ ወገን የተያዘ ከሆነ ደግሞ ወደ ፍርድ ቤት የሚያደርሰው የጉዞ ጊዜ ከ48ቱ ሰዓት ውጭ ነው የሚቆጠር። በዚህ መካከል ቋንቋውን የሚያውቅ ሰው ካልተገኘ ምርመራው የሚካሄደው በእጅ ምልክት ነው፤ ወይም አጠገቡ የታሰረው ሌላ ተጠርጣሪ ያስተረጉማል፤ ያ ተጠርጣሪ የራሱን ጥፋት በእርሱ ላይ ቢያላክክስ ማን ያውቃል?

በግቢያችን ውስጥ ግን የአሪን፣ የሐመርን፣ የባናን፣ የዳሰነችን፣ የማሌን፣ የሙርሲን ቋንቋ ከእናቱ ጡት ጋር የጠጣ ተማሪ አለ። ስሙ፣ ቋንቋው፣ የሚገኝበት መኝታ ቤት ተጽፎ፣ ቅዳሜና እሑድ በየተራ ተጠርቶ ወደ ጣቢያና ወደ ችሎት የሚሄድ የአስተርጓሚዎች ዝርዝር ማኅበሩ ያዘጋጅ፤ አንዱን ለፖሊስ ጣቢያው፣ አንዱን ለፍርድ ቤቱ ሬጅስትራር፣ አንዱንም ለግቢው ጥበቃ ይስጥ። ከሕግ ተማሪዎችም አንድ አንድ ሰው አብሮ ይመደብ፤ እግረ መንገዱንም የተያዘበት ሰዓት በመዝገብ መጻፉን ይመልከት። ዝርዝሩ ከሚቀጥለው ሁለት ቅዳሜ በፊት ሊያልቅ የሚችል ሥራ ነው፤ ወረቀቱን የምናባዛበት መሣሪያም ይህ መጽሔት የሚታተምበት ያው ነው።